የካቶሊክ ትምህርት ቤት፦ ከሐረር እስከ ጨርጨር

የካቶሊክ ትምህርት ቤት የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ንብረት የሆነ፣ ብዙውን ጊዜ በአንድ የመነኮሳት ወይም የደናግል ማኅበር የሚመራ፣ በክፍል ውስጥ ግን የመንግሥትን ሥርዓተ ትምህርት የሚያስተምር ተቋም ነው። በመላው ዓለም ከ200,000 በላይ እንዲህ ያሉ ትምህርት ቤቶች አሉ፤ ተማሪዎቻቸውም ከ60 ሚሊዮን ይበልጣሉ። በኢትዮጵያ ካቶሊኮች በ1999 ዓ.ም. የሕዝብ ቆጠራ መሠረት ከመቶ አንድ እንኳ አይሞሉም። በዚህ ምክንያት በአገሪቱ የካቶሊክ ትምህርት ቤት ሲባል የካቶሊኮች ልጆች የሚማሩበት ቤት ማለት አይደለም። አብዛኞቹ ተማሪዎች የሌላ እምነት ልጆች ናቸው፤ በሐረርና በድሬዳዋ ደግሞ ሙስሊም ወላጆች ልጆቻቸውን ለእነዚህ ትምህርት ቤቶች ሲሰጡ ትውልዶች አልፈዋል። ይህ አንድ ነገር የተቋሙን ታሪክም፣ የወደፊት ዕጣውንም ይወስናል።

የምዕራብ ሐረርጌ ዞን ዋና ከተማ ጭሮ፣ በቀድሞ ስሟ አሰበ ተፈሪ፣ ከአዲስ አበባ ወደ ምሥራቅ 325 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ በጨርጨር ደጋ ላይ ትገኛለች። ሜኢሶ ከበታቿ በቆላው፣ ሂርና፣ በዴሳ፣ ገለምሶና መቻራ በደጋውና በወይና ደጋው ተበትነዋል። አገሩ የቡና፣ የጫትና የማሽላ አገር ነው፤ ሕዝቡ በአብዛኛው ሙስሊም ኦሮሞ ነው። ትምህርት እዚህ ከሚሲዮናውያን ጋር አልመጣም። በየመንደሩ ቁርአን ቤት ነበረ፤ ገለምሶ በእስልምና ሊቃውንቷ ትታወቃለች። በአሰቦት ተራራ ላይ ያለው የደብረ ወገግ ገዳም ደግሞ ለኦርቶዶክስ ምእመናን የዜማና የመጻሕፍት ትምህርት ጥንታዊ ማዕከል ነው። የካቶሊክ ትምህርት ቤት ወደ ሐረርጌ የገባው ከእነዚህ ሁለቱ በኋላ ነው፤ ያመጣውም የፈረንሳይኛ ፊደል፣ ሒሳብ፣ ጂኦግራፊና የእጅ ሙያ ነው።

መነሻው እ.ኤ.አ. በ1846 ሮም የኦሮሞን ምድር ለካፑቺን ማኅበር በሐዋርያዊ ቪካሪያት ስም በሰጠችበት ጊዜ ነው። የመጀመሪያው ጳጳስ ጣሊያናዊው ጉልየልሞ ማሳያ ነበሩ። ማሳያ በጉድሩና በከፋ፣ በኋላም በሸዋ በምኒልክ ዘንድ ብዙ ዓመታት ቆይተዋል፤ የአማርኛና የኦሮምኛ ሰዋስው መጽሐፋቸውም እ.ኤ.አ. በ1867 ፓሪስ ላይ ታትሟል። መጽሐፉ የተጻፈው የሕዝቡን ቋንቋ መማር ለሚፈልጉ ሚሲዮናውያን ነው። እ.ኤ.አ. በ1879 በዐፄ ዮሐንስ ትእዛዝ ከአገር ሲወጡ የሥራውን ሸክም የተረከቡት ፈረንሳዊው ጳጳስ ቶሪን ካኛ ናቸው። ካኛ በ1873 ዓ.ም. ገደማ ሐረር ገቡ። ከተማዋ በዚያን ጊዜ በግብፆች እጅ ነበረች፤ ነዋሪዋ ሙስሊም፣ ገዢዋም ሙስሊም፣ ጥቂቶቹ አውሮፓውያንም ነጋዴዎች ነበሩ። ምኒልክ በ1879 ዓ.ም. ሐረርን ከያዙ በኋላ አገረ ገዢው ራስ መኮንን ሚሲዮኑን አልገፉትም። ይልቁንም ልጃቸውን ለማስተማር ተጠቀሙበት።

ይህ ልጅ ተፈሪ መኮንን ነው። ፈረንሳይኛ ያስተማሩት ሁለት ሰዎች ናቸው፦ ከጓዴሉፕ የመጡት ሐኪም ቪታልየንና በካቶሊክ ሚሲዮን ያደጉት ኢትዮጵያዊ ካህን አባ ሳሙኤል። ያን ጊዜ ሚሲዮኑን የሚመሩት አንድሬ ዣሮሶ፣ በአገሬው አጠራር አቡነ እንድርያስ፣ ነበሩ። በ1907 ዓ.ም. በሐረማያ ሐይቅ ላይ ጀልባ ሰጥማ ተፈሪ ሲተርፉ አባ ሳሙኤል ሞቱ፤ ተፈሪ ንጉሠ ነገሥት ሆነው በጻፉት የሕይወት ታሪካቸው መምህራቸውን በአክብሮት አንስተዋል። በሐረርጌ የካቶሊክ ትምህርት ከሰጣቸው ፍሬዎች ሁሉ ታላቁ ይህ ተማሪ ነው ማለት ይቻላል፤ ይሁንና ተማሪው ካቶሊክ አልሆነም፤ ሊያደርገው የሞከረም አልታየም። ተቋሙ ከዚያ ወዲህ በኢትዮጵያ የኖረው በዚሁ መንገድ ነው።

ሚሲዮኑ ከትምህርት ቤቱ ጎን የሥጋ ደዌ ሕሙማን መጠለያና ማተሚያ ቤት አቋቁሟል። እ.ኤ.አ. ከ1905 ጀምሮ በሐረር የታተመው በፈረንሳይኛ የተጻፈው «ለ ሰሞር ዴትዮፒ» (የኢትዮጵያ ዘሪ) የተባለ መጽሔት በአገሪቱ ከታተሙት የመጀመሪያዎቹ ጋዜጦችና መጽሔቶች አንዱ ነው። የትምህርት ቤቶቹ ካርታ ግን በአንድ ነገር ተወሰነ፤ በባቡሩ። የጅቡቲው ሐዲድ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ሲደርስ አዲስ ከተማ ተወለደ፤ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሲገባ ደግሞ ሐዲዱ ጨርጨርን በቆላው በኩል፣ በሜኢሶና በአሰቦት አድርጎ አልፎት ሄደ። የባቡሩ ሠራተኞችና የነጋዴው ልጆች ፈረንሳይኛ የሚማሩበት ቤት ስለሚያስፈልጋቸው ትምህርት ቤት በድሬዳዋ ተተከለ። ደጋው ላይ ያለው የጨርጨር ገበሬ ከዚህ ዕድል ውጭ ሆኖ ቀረ።

ከጣሊያን ወረራ በፊት በጨርጨር ላይ የታየው ለውጥ የመንግሥት እጅ ሥራ ነው። ተፈሪ አውራጃውን አርአያ እንዲሆን መርጠውት ነበር፤ አሰበ ተፈሪም የዚያ ሙከራ ከተማ ናት። ካስተዳደሩት መካከል በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያምና ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ ይገኙበታል። ሁለቱም በውጭ አገር ያደጉና የተማሩ፣ በአስተዳደር ሥርዓት፣ በመንገድና በከተማ ፕላን የሚያምኑ ሰዎች ነበሩ። በሐረር ሚሲዮኑ ያደረገውን በጨርጨር ሹማምንቱ ሊያደርጉት ሞከሩ። በወረራው ዘመን ጣሊያኖች የፈረንሳይ ሚሲዮናውያንን አስወጥተው በራሳቸው ካፑቺኖች ተኩዋቸው፤ አቡነ እንድርያስም ከዕድሜ ልክ ሥራቸው ተነጥለው እ.ኤ.አ. በ1941 በፈረንሳይ ሞቱ።

ከነጻነት በኋላ መንግሥት ከሚሲዮኖች ጋር የነበረውን ግንኙነት በሕግ አሰረው። በነሐሴ 1936 ዓ.ም. የወጣው የሚሲዮኖች ደንብ አገሪቱን በሁለት ከፈለ፦ ኦርቶዶክሳውያን በሚኖሩበት አካባቢ ሚሲዮኖች ሆስፒታልና ትምህርት ቤት ቢከፍቱም መስበክ አይችሉም፤ «ክፍት» በተባሉት አካባቢዎች ግን ሁለቱንም ይሠራሉ። ሚሲዮናውያን አማርኛ እንዲማሩ፣ በአማርኛም እንዲያስተምሩ ተደነገገ። የማሳያ ሰዋስው መጽሐፍ ሁለት ቋንቋ ይዞ ነበር፤ ደንቡ አንዱን ብቻ አስቀረ። በኦሮምኛ ተናጋሪው ሐረርጌ ይህ ቀላል ነገር አልነበረም፤ ልጁ አንደኛ ክፍል ሲገባ ትምህርቱንም ቋንቋውንም ባንድ ጊዜ መጋፈጥ ነበረበት።

በዚሁ ዘመን ቤተ ክርስቲያኗ በትምህርት ላይ የነበራት ክብር ከፍ ያለው በአዲስ አበባ ነው። ከ1930ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ የተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤትን የመሩት የካናዳ ኢየሱሳውያን ናቸው፤ በ1943 ዓ.ም. የተከፈተውን የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ያቋቋሙትም የእነርሱ አባል ሉስየን ማት ናቸው። ኢየሱሳውያኑ የካህን ልብስ ሳይለብሱ፣ ሳይሰብኩ እንዲያስተምሩ ተስማምተው ነበር የገቡት። በሌላ በኩል የላሳል ወንድሞች ቅዱስ ዮሴፍን በአዲስ አበባና በአዳማ አቆሙ፤ ደናግሉ ደግሞ የናዝሬት ትምህርት ቤትን ያህል ስም ያላቸውን የሴቶች ትምህርት ቤቶች ገነቡ። በድሬዳዋ ኖትር ዳም በሚል ስም የሚታወቀው ትምህርት ቤትም የዚሁ ቤተሰብ ነው። ሲስተር ወይም ብራዘር የሚመራው ትምህርት ቤት ጥብቅ ነው የሚባለው ዝና በዚያ ዘመን ተገነባ፦ ሰዓት ይከበራል፣ ዩኒፎርም ይታያል፣ የቤት ሥራ ይታረማል። ዝናው ዛሬ ድረስ ለምዝገባ የሚጋፉ ወላጆችን ያመጣል።

በደርግ ዘመን የግል ትምህርት ቤቶች በአዋጅ የሕዝብ ሲሆኑ ጥቂት የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤቶች በባለቤቶቻቸው እጅ ቀሩ። ይሁንና ዘመኑ ለእነርሱም ቀላል አልነበረም፤ ርእዮተ ዓለሙ ሃይማኖትን በጥርጣሬ ያይ ነበር። ከዚያ በኋላ በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ለግል ተቋማት በር ከፈተ፤ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥም ወሰነ። በምዕራብ ሐረርጌ ትምህርት በኦሮምኛ፣ በቁቤ ፊደል ሆነ። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 90 ትምህርት ከሃይማኖት ተጽዕኖ ነጻ ሆኖ እንዲሰጥ ስለሚያዝ የካቶሊክ ትምህርት ቤት የሃይማኖት ትምህርቱን ከክፍል ውጭ፣ በቁምስናው ለሚፈልጉ ብቻ ያደርጋል። በክፍል ውስጥ የቀረው ግብረ ገብ ነው። ለሙስሊም ወላጅ ዋናው ማረጋገጫ ይህ ነው፤ ልጁ ሳይለወጥ ተምሮ ይመለሳል።

ዛሬ በሐረርጌ የቤተ ክርስቲያኗ ሥራ የሚመራው ከሐረር ሐዋርያዊ ቪካሪያት ነው። ትምህርት ቤት ከትምህርት ቢሮ ፈቃድ ይወስዳል፤ የመጻሕፍቱን ይዘት፣ የክፍል ደረጃውንና የፈተናውን ሥርዓት ያከብራል። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ በሥራ ላይ በዋለው አዲስ ሥርዓተ ትምህርት አንደኛ ደረጃ ከ1 እስከ 6፣ መካከለኛ 7 እና 8፣ ሁለተኛ ደረጃ ከ9 እስከ 12 ሆኗል። ቤተ ክርስቲያኗ የምትጨምረው የአስተዳደር ጥንካሬ፣ የመምህራን ክትትልና ለድሃ ልጆች የሚሆን የክፍያ ቅናሽ ነው። ገንዘቡ ቀደም ሲል ከአውሮፓ ምጽዋት ይመጣ ነበር። ዛሬ አብዛኛው ከወላጅ ክፍያ ነው።

የተቋሙ የወደፊት ችግር የሚጀምረው ከዚህ ነው። አውሮፓ ውስጥ ለምንኩስና የሚገቡ ወጣቶች ቁጥር ስለወደቀ የሚመጡት ሲስተሮችና ወንድሞች ይቀንሳሉ፤ ያሉትም ያረጃሉ። ኢትዮጵያውያን ደናግልና ካህናት ሥፍራቸውን እየያዙ ነው፤ ይህ ተገቢ ነው። ነገር ግን ደሞዝ የማይቀበል መነኩሴ በሚቀበል መምህር ሲተካ ወጪው ያድጋል፤ ወጪው ሲያድግ ክፍያው ይጨምራል፤ ክፍያው ሲጨምር ድሃው ይወጣል። ብዙ የካቶሊክ ትምህርት ቤቶች በዚህ መንገድ ሳያስቡት የባለጸጋ ልጆች ቤት ሆነዋል። የሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ ስለ ትምህርት ያወጣው እ.ኤ.አ. የ1965ቱ ሰነድ ለድሆች ልዩ ትኩረት ይሰጥ የሚለውን ያስታወሰ ሰው ይህን ያለ ሐዘን ሊያየው አይችልም።

ሌላው ፈተና የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ነው። ከ2014 ዓ.ም. የትምህርት ዘመን ጀምሮ ፈተናው በዩኒቨርሲቲ ግቢዎች እየተሰጠ ነው፤ በዚያ የመጀመሪያ ዓመት የማለፊያ ነጥብ ያገኙት ከመቶ 3.3 ያህል ብቻ ነበሩ። በአገሪቱ የተስፋፋው ትምህርት ምን ያህል ላይ ላዩን እንደነበረ ያ ቁጥር አሳየ። ጥብቅ ትምህርት ቤት ለሚፈልግ ወላጅ የካቶሊክ ትምህርት ቤት ዋጋ በዚህ ምክንያት ጨምሯል፤ ግን የግል ትምህርት ቤቶች ተባዝተዋልና ተወዳዳሪውም በዝቷል።

በጨርጨር ከተሞች ጥያቄው ከዚህ ለየት ይላል። ጭሮ ዛሬ የኦዳ ቡልቱም ዩኒቨርሲቲ ያላት ከተማ ናት፤ ዩኒቨርሲቲው የሐረማያ ዩኒቨርሲቲ ግቢ ከነበረበት ተነስቶ ራሱን ችሎ ቆሟል። ከላይ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ ከታች ግን የገበሬው ልጅ በጫት ለቀማ ወቅት ከክፍል ይቀራል፤ ሴቷ ልጅ በጊዜ ትዳር ትሰጣለች። ሚሲዮኖች በሌላ አካባቢ የተሻለ የሠሩባቸው ሦስቱ መስኮች ማለትም መዋዕለ ሕፃናት፣ የሴቶች ትምህርትና የእጅ ሙያ ለዚህ ሁኔታ ይስማማሉ። በሰሜኑና በደቡቡ ኢትዮጵያ የሳሌዢያኖች ማኅበር የሙያ ትምህርት ቤቶች ልጆችን በብየዳ፣ በእንጨትና በመካኒክ ሥራ አሠልጥነው ለገበያ አውጥተዋል። በሂርናና በገለምሶ ያለ የጋራዥና የመስኖ ፓምፕ ጥገና ሙያተኛ ዲግሪ ይዞ ሥራ ከሚፈልግ ወጣት በላይ ተፈላጊ ነው። እንዲህ ያለ ሥልጠና ለመስጠት ካቶሊክ ምእመናን መብዛታቸው አያስፈልግም፤ በሐረርም ቢሆን አስፈልጎ አያውቅም።

ቋንቋው ሌላ ነገር ይጠይቃል። ከማሳያ ሰዋስው መጽሐፍ እንደምንማረው የሚያስተምር ሰው የሚያስተምረውን ሕዝብ ቋንቋ ካላወቀ ውጤት አይኖረውም። በምዕራብ ሐረርጌ የሚከፈት ማንኛውም የካቶሊክ ትምህርት ቤት በኦሮምኛ የሚያስተምሩ፣ አማርኛንና እንግሊዝኛን እንደ ቋንቋ የሚያጠነክሩ መምህራን ማግኘት አለበት። ደናግሉና ካህናቱም ከአካባቢው ቢወጡ ይሻላል፤ ከሌላ ክፍለ ሀገር የመጡ ከሆነ ኦሮምኛ ተምረው ይምጡ። ከ1936ቱ ደንብ የተወረሰው ልማድ፣ ማለትም የሕዝቡን ቋንቋ ችላ ማለት፣ ከተቋሙ ጋር መቀጠል የለበትም።

ከዚህ በላይ ቤተ ክርስቲያኗ የምትወስነው ጉዳይ ክፍያው ነው። በአዲስ አበባና በአዳማ ያሉት ስመ ጥር ትምህርት ቤቶቿ ከወላጅ ከሚሰበስቡት ገንዘብ የተወሰነውን ለገጠር ቅርንጫፎች እንዲያካፍሉ ካልተደረገ፣ በጭሮ፣ በበዴሳና በመቻራ የሚከፈቱ ትምህርት ቤቶች የጫት ነጋዴውን ልጅ ብቻ ያስተምራሉ፤ የገበሬው ልጅ ከበሩ ይመለሳል።