ከካሜራ በፊት የሚያይ፤ የፕሮዳክሽን ዲዛይነር ሙያ

ከሲኒማ ቤት የሚወጣ ሰው የተዋናዩን ስም ያነሣል፤ ነገሩን ጠለቅ ብሎ የሚከታተልም እንደሆነ የዳይሬክተሩን ይጨምራል፤ ተዋናዩ የቆመበትን ቤት፣ ብርሃን የገባበትን መስኮት፣ የግድግዳውን ቀለምና የመንገዱን ስፋት አስቀድሞ በኅሊናው ፀንሶ በወረቀት የነደፈውን ሰው ግን የሚያስታውስ አይገኝም። ይህ ሰው ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ነው። ገንዘብ አፈላልጎ፣ ባለሙያ አሰባስቦ ሥራውን ከፍጻሜ የሚያደርሰው ደግሞ ፕሮዲዩሰር መሆኑ ከማንም የተሰወረ አይደለም።

የሙያው አባት ሊባል የሚገባው ዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1896 በአሜሪካ፣ በኒው ሄቨን ከተማ ተወለደ። የኦስካር ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሰጥም የአርት ዳይሬክሽኑን ክብር የተቀበለ እርሱ ነበር።

ብዙዎች ዲዛይነርን ጌጥ ወዳድ፣ የፕሮዲዩሰር ገንዘብ አባካኝ አድርገው ይቆጥሩታል፤ ይህም ስሕተት ሙያውን እጅግ በድሎታል። ይህን ለማስረዳት ከ1938 ታኅሣሥ 10 ሌሊት የሚበልጥ ምስክር አላውቅም። ነቢይ መኮንን በእስር ቤት ሳለ በሲጋራ ወረቀት ላይ ተርጉሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» በሚል ስም ያቆየልንን የማርጋሬት ሚቼልን ልብ ወለድ ወደ ፊልም ሊለውጥ የተነሣው ነጻ ፕሮዲዩሰር ዴቪድ ሴልዝኒክ፣ በካልቨር ሲቲ የነበረው ሜዳ ከቀደሙ ፊልሞች በተረፉ አሮጌ የእንጨት ሕንጻዎች ተይዞበት ነበር። አሮጌውን ለማፍረስ ገንዘብ ያስፈልጋል፤ አዲሱን ከተማ ለመትከል ገንዘብ ያስፈልጋል፤ ታሪኩም የአትላንታን መቃጠል ስለሚያዝዝ፣ የሚቃጠለውን ሠርቶ ለማቃጠል ሦስተኛ ገንዘብ ሊወጣ ነው። መፍትሔውም እንዲህ ሆነ፦ የኪንግ ኮንግ ግዙፍ በር ሳይቀር አሮጌዎቹ ሕንጻዎች ፊታቸው በሐሰተኛ ግንብ ተሸፍኖ የአትላንታን መጋዘኖች መሰሉ፤ ሜንዚስም ትዕይንቱን በየቀረጻው ነድፎ አዘጋጀ፤ በሆሊውድ የነበሩት ሰባቱ የቴክኒከለር (የባለቀለም ፊልም) ካሜራዎች በሙሉ ተሰለፉና እሳቱ ተለኮሰ። የስካርሌትን ቦታ የምትይዘው ተዋናይት ገና አልተመረጠችም ነበርና በነበልባሉ ፊት በጋሪ ያለፉት ምትኮች ነበሩ። ትዕይንቱ በተቀረጸበት በዚያው እሳት ሜዳው ለአዲሱ ከተማ ተጠረገ፤ ያን ሌሊት የፕሮዲዩሰሩ ሒሳብና የነዳፊው እርሳስ አንድ ሥራ ሠሩ።

ከዚያ በኋላ ፊልሙ ከዳይሬክተር ጆርጅ ኪውከር ወደ ቪክቶር ፍሌሚንግ፣ ለጊዜውም ወደ ሳም ዉድ እጅ ሲተላለፍ፣ የሦስት ሰዎች ሥራ መስሎ ሳይበታተን የቀረው ሜንዚስ አስቀድሞ የነደፋቸው ሥዕሎች ስላጸኑት መሆኑን አምናለሁ። የፕሮዳክሽን ዲዛይነርነት ማዕረግም በዚሁ ፊልም ተሰጠው፤ በቀለም አጠቃቀሙም ልዩ የኦስካር ክብር ተቀበለ። በመጨረሻም በ1956 ለማይክል ቶድ «ዓለምን በ80 ቀን» ተባባሪ ፕሮዲዩሰር ሆነ፤ ፊልሙ የዓመቱ ምርጥ ተብሎ ከመሸለሙ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብሎ፣ በመጋቢት 1957 ዐረፈ።

አንድ ወጣት የአገር ልጅ ፕሮዲዩሰር «ለዲዛይነር የሚተርፍ ገንዘብ የለኝም» ሲለኝ ይህንኑ ታሪክ አጫወትሁት። የሀብታም ቪላ ተከራይቶ፣ ሶፋውንና መጋረጃውን እንዳለ እየቀረጸ፣ የድኻ ሰው ቤት ነው ብሎ ተመልካችን ማሳመን የሚሻ ሰው ኪራዩንም ተመልካቹንም ያጣል፤ የሚያውቅ ነዳፊ ቢኖረው ግን አንድ ክፍል፣ አንድ መስኮትና ተገቢው የግድግዳ ቀለም እንደሚበቁት በነገረው ነበር። ስለዚህ ዲዛይነርን ገንዘብ ሲተርፍ የሚጠራ እንግዳ ማድረግ ታላቅ ስሕተት ነው፤ ገንዘብ ያነሰው ፕሮዲዩሰር ካሜራ ከመከራየቱ አስቀድሞ ሊቀጥረው የሚገባው ነዳፊውን ነው።