ሐረ ሸይጣን፦ ከሰማይ ያልመጣ ጉድጓድ

ከቡታጅራ በስተደቡብ፣ ወደ ወራቤና ሆሳዕና በሚወስደው መንገድ አቅራቢያ፣ በስልጤ ዞን ውስጥ ሐረ ሸይጣን የሚባል ሐይቅ አለ። ውሃው አፋፉ ላይ እስኪደርሱ ድረስ አይታይም። እዚያ ሲደርሱ መሬቱ በድንገት ይቆረጥና ከገደሉ ሥር ወደ አረንጓዴ የሚያደላ ክብ ሐይቅ ብቅ ይላል። ቅርጹን ከአየር ላይ የተነሳ ፎቶ ላይ ያየ ሰው የጨረቃን ጉድጓዶች ማስታወሱ አይቀርም። ከሰማይ የወረደ ድንጋይ የቦረቦረው ነው ቢሉትም ያምናል። እውነቱ ግን ተቃራኒው ነው፤ ሐረ ሸይጣን የተከፈተው ከታች ወደ ላይ ነው።

የጂኦሎጂ ባለሙያዎች እንዲህ ያለውን ጉድጓድ ማአር ይሉታል። ወደ ላይ የሚወጣ ቅልጥ አለት በመንገዱ የከርሰ ምድር ውሃ ሲያገኝ የሚፈጠር ነው። በጋለ ምጣድ ላይ ውሃ ጠብ ሲል የሚሆነውን ሁሉም ያውቀዋል፤ ውሃ ወደ እንፋሎት ሲለወጥ በተለመደው የአየር ግፊት መጠኑ 1,700 ጊዜ ያህል ይጨምራል። ይህ ከመሬት በታች በታፈነ ቦታ ሲሆን ከላይ ያለው አለት ይፈነዳል፤ ስብርባሪው ከአመድ ጋር እየተወረወረ በዙሪያው ይከመራል። ፍንዳታው ሲያበቃ የሚተርፈው ጉድጓድ ከአካባቢው የውሃ ወለል በታች የወረደ ከሆነ ቀስ በቀስ ውሃ ይሞላል።

ሐረ ሸይጣን ብቻውን አይደለም። ከቡታጅራ እስከ ስልጢ ባለው ምድር ላይ የሚታዩት ጉብታዎች ብዙዎቹ የድሮ እሳተ ገሞራ አፎች ናቸው። በስምጥ ሸለቆው ምዕራባዊ ጠርዝ፣ ከስልጢ እስከ ቢሾፍቱ በሚዘልቅ የስንጥቅ መስመር ላይ ተሰልፈዋል። የቢሾፍቱና የሆራ ሐይቆችም የዚሁ መስመር ማአሮች ናቸው። ስምጥ ሸለቆው ዛሬም በዓመት 5 ሚሊሜትር ገደማ እየሰፋ ነው፤ ቅልጡ አለት መውጫ የሚያገኘውም በዚህ ምክንያት በሚፈጠሩ ስንጥቆች ነው።

የጉራጌን ምድር ለሁለት የሚከፍለው የተራራ ሰንሰለትም የዚሁ ታሪክ አካል ነው። ከሰንሰለቱ በስተምዕራብ፣ በወልቂጤ በኩል፣ ዋቤና ሌሎች ወንዞች ወደ ግቤ ይወርዳሉ። በስተምሥራቅ ደግሞ መቂ ወንዝ ወደ ዝዋይ ሐይቅ ይፈሳል። ቡታጅራ የተቀመጠችው መሬቱ ወደ ስምጥ ሸለቆው በሚሰምጥበት በዚህ በምሥራቁ ግርጌ ነው።

የጨረቃ ጉድጓድ አፈጣጠር ሌላ ነው። እዚያ የሚያግድ አየር ስለሌለ የሰማይ ድንጋይ ፍጥነቱ ሳይቀንስ መሬቱን ይመታል። በቅጽበት አለቱን አድቅቆ ወደ ውጭ ይበትነዋል፤ ጠርዙን ከፍ አድርጎ፣ በዙሪያው የፍርስራሽ ምንጣፍ ይዘረጋል። በአፖሎ 16 የጨረቃ ጉዞ፣ እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 1972፣ ጠፈርተኞቹ ጆን ያንግና ቻርልስ ዱክ ኖርዝ ሬይ በተባለ ጉድጓድ ጠርዝ ላይ ቆመው ነበር። ስፋቱ 1 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ዕድሜው 50 ሚሊዮን ዓመት ያህል ነው። በጨረቃ መለኪያ ትንሽም ወጣትም የሚባል ነው። ከጠርዙ አጠገብ ካገኟቸው ቋጥኞች አንዱ ቤት ስለሚያክል «ሀውስ ሮክ» የሚል ስም ወጣለት።

ማአርና በምት የተፈጠረ ጉድጓድ በመልክ ስለሚመሳሰሉ አዋቂዎችንም አሳስተዋል። እ.ኤ.አ. በ1891 አሜሪካዊው ጂኦሎጂስት ግሮቭ ካርል ጊልበርት አሪዞና ውስጥ ያለውን ትልቅ ጉድጓድ መርምሮ በእንፋሎት ፍንዳታ የተፈጠረ ነው የሚል ድምዳሜ ላይ ደረሰ። በዓመቱ ጨረቃን በቴሌስኮፕ አጥንቶ የእሷ ጉድጓዶች ከሰማይ በወደቁ አካላት የተፈጠሩ ናቸው አለ። ስለ ሩቋ ጨረቃ ልክ ነበር፤ በእግሩ ስለረገጠው መሬት ተሳሳተ። እ.ኤ.አ. በ1960 ዩጂን ሹሜከርና ባልደረቦቹ በከባድ ግፊት ብቻ የሚፈጠር ኮይሳይት የተባለ ማዕድን እዚያው አሪዞና ውስጥ ማግኘታቸውን ሲያሳውቁ ክርክሩ አበቃ። የአፖሎ 16 ዕቅድ አውጪዎች ደግሞ በግልባጩ ተሳሳቱ፤ ጠፈርተኞቹ የሚያርፉበት ቦታ የእሳተ ገሞራ አለት ይገኝበታል ብለው ጠብቀው ነበር። ጠፈርተኞቹ ያገኙት ግን በአብዛኛው በምት ተሰባብሮ እንደገና የተጣበቀ ድንጋይ ነው።

ስለዚህ ጉድጓድን በክብነቱ መፍረድ አይቻልም፤ መጠየቅ ያለበት በጠርዙ ላይ ያለው ድንጋይ ነው። በምት የተፈጠረ ከሆነ የመሬቱ ንብርብር ወደ ላይ ተነስቶ፣ አንዳንዴም ተገልብጦ ይገኛል፤ በግፊት የተለወጡ ማዕድናትም ይኖሩታል። በማአር ጠርዝ ላይ ግን በቀጫጭኑ የተደራረበ የአመድ ንብርብር ይታያል። በፍንዳታው የተወረወሩ ድንጋዮች ሲወድቁ ከሥራቸው ያለውን ለስላሳ አመድ ስለሚጫኑት፣ ንብርብሩ በዚያ ቦታ ወደ ታች ጎበጥ ይላል። በቡታጅራ አካባቢ ደግሞ ሌላ ምስክር አለ፤ ተመራማሪዎች በአካባቢው የባዛልት አለቶች ውስጥ ቅልጡ አለት ከጥልቁ ነቅሎ ያወጣቸውን፣ ከመሬት ቅርፊት በታች የሚገኝ የማንትል አለት ቁርጥራጮች አግኝተዋል። ሰው በቁፋሮ ያልደረሰበትን ጥልቀት እሳተ ገሞራው ናሙናውን ደጅ ድረስ አምጥቶለታል።

ሐረ ሸይጣንን ለማየት የምትሄዱ ውሃው ላይ ብቻ አትቅሩ፤ የጠርዙን ድንጋይም ተመልከቱ። ገደሉ ቀጥ ያለ ስለሆነ አፋፉ ላይ ጥንቃቄ አይለያችሁ። አካባቢውን የምታስተዳድሩም ሐይቁን ስትጠብቁ ጉብታዎቹን አትርሱ። በአገራችን እንዲህ ያሉ ጉብታዎች ሬድ አሽ እየተባሉ ለመንገድ ሥራ ይቆፈራሉ፤ መንገዱ ያስፈልገናል፤ ተቆፍሮ ያለቀ ጉብታ ግን ዳግም አይተካም።