ስልኩ ይብራ፤ ሰማዩም ይለካ

ሎስ አንጀለስ ውስጥ ከኮሪያታውን ተነሥቼ የኦሎምፒክን ጎዳና ይዤ ፌርፋክስ ስደርስ፣ በርበሬና ሽሮ የምገዛበት ሱቅ ውስጥ አንዲት እናት ከልጅ ልጃቸው ጋር ቆመው አገኘኋቸው። ደብረ ማርቆስ ያሉ እህታቸው ሌሊቱን ሙሉ ደውለው ደውለው ሲያጧቸው፣ ወሬው ለልጅ ልጅ ደርሶ ልጁ በጠዋት በር ሊያንኳኳ መጥቷል። እሳቸው ለካ ስልካቸውን አጥፍተው፣ በፎጣ ጠቅልለው፣ ምጣዱ ያለበት ቁም ሳጥን ውስጥ ዘግተውበት አድረዋል። «ልጄ፣ አንተ ፊዚክስ ተምረሃል፤ እስቲ ይኼን እየው» ብለው በቫይበር የደረሳቸውን መልእክት አሳዩኝ። ዛሬ ከሌሊቱ 6፡30 እስከ 9፡30 አደገኛ የጠፈር ጨረር ከምድር አጠገብ ያልፋል፤ ስልክ አጥፉ፤ ከሰውነታችሁም አርቁ፤ ያለው ናሳ ነው፤ ላልሰማ አሰሙ ይላል።

ናሳ እንዲህ አላለም። ይኸው መልእክት ልብሱን እየቀያየረ በብዙ ቋንቋ ሲዞር ዓመታት አልፈውታል። ቀን የለውም፤ አገር የለውም። የማን ሌሊት ነው 6፡30? አዲስ አበባ እኩለ ሌሊቱን ስታልፍ እኛ ዘንድ ገና ከሰዓት በኋላ ነው። የጠፈር ጨረር ደግሞ በቀጠሮ አይመጣም፤ ቀንም ሌትም ሲዘንብብን ይኖራል። እኔን የሚያንገበግበኝ ግን ውሸቱ ብቻ አይደለም፤ ሕዝቡን በሌለ አደጋ እያስፈራራ ካለው አደጋ ዓይኑን ማዞሩ ነው።

የሰውነታችንን ነገር በአጭሩ ልጨርሰው። ከአናታችን በላይ ያለው አየር በእያንዳንዱ ካሬ ሜትር ላይ 10 ቶን ያህል ይመዝናል፤ 10 ሜትር ጥልቀት ባለው ውኃ ሥር እንደመቀመጥ ነው። ከአየሩ በላይ የምድር ማግኔታዊ መስክ አለ፤ ከፀሐይ የሚወረወሩትን ኤሌክትሪክ የተሸከሙ ቅንጣቶች እያጠፈ ወደ ዋልታዎቹ ይገፋቸዋል። በዚህ ረገድ እንደ ኢትዮጵያ ለምድር ወገብ የቀረበ አገር የተሻለ ከለላ አለው። መጠንቀቅ ያለበት ጠፈርተኛው ነው። በነሐሴ 1972 (ዓመቶቹን በሙሉ የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በአፖሎ 16 እና በአፖሎ 17 ጉዞዎች መካከል የተነሣው የፀሐይ ማዕበል ጨረቃ ላይ ሰው አግኝቶ ቢሆን ኖሮ ለከባድ ሕመም በዳረገው ነበር። በዋልታ በኩል የሚያቋርጡ አውሮፕላኖችም የቅንጣት ማዕበል ሲበረታ መንገድ ይቀይራሉ። ፌርፋክስ ላይ ቡና የሚጠጣ ሰው ግን ምንም አይነካውም።

ለፍርሃቱ ቃሎቻችንም ድርሻ አላቸው። «ጨረር» የሚለው አንድ ቃል የማለዳዋን ጮራም፣ የሐኪም ቤቱን ራጅም፣ የኑክሌሩንም መዓት ይሸከማል። «ኮሮና» ስንል የፀሐይን አክሊል ማለታችን ቢሆንም ሰሚው ወረርሽኙን ያስባል። «ፕላዝማ» ደግሞ ለአንድ ትውልድ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ ቴሌቪዥን ነው። እኔ እዚህ ፕላዝማ የምለው አተሞቹ ኤሌክትሮኖቻቸውን የጣሉበትን፣ ኤሌክትሪክ የሚያሳልፍ ጋዝ ነው።

ፀሐይ ስትናወጥ ሦስት ነገር ትልካለች። ብልጭታው በ8 ደቂቃ ይደርሳል። ፈጣኖቹ ቅንጣቶች ከአሥር እስከ ጥቂት አሥር ደቂቃዎች ይፈጅባቸዋል። ትልቁ የፕላዝማ ደመና ግን ማግኔታዊ መስኩን ጠቅልሎ ከ15 ሰዓት ገደማ እስከ ሦስት አራት ቀን ይጓዛል። የሐረርጌ ደጋ ላይ የዘነበው ዝናብ ሰማዩ ጠርቶ ሳለ በደጫቱ ወንዝ ድሬዳዋ እንደሚገባው ነው። ጎርፉ እንዲያጠፋ ደግሞ በሩ መከፈት አለበት፤ የደመናው ማግኔታዊ አቅጣጫ ወደ ደቡብ ከሆነ የምድር በር ይከፈታል፤ ወደ ሰሜን ከሆነ አብዛኛው ታክኮ ያልፋል። አቅጣጫውን በትክክል የምናውቀው ከምድር 1.5 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ላይ የቆሙት መንኮራኩሮች ሲነኩት ነው፤ ያኔ የሚተርፈን ጊዜ ከአንድ ሰዓት አይበልጥም።

የደረሰው ጉዳት የታወቀ ነው። በመስከረም 1859 ማዕበል የቴሌግራፍ ሽቦዎች ብልጭታ ተፉ። መጋቢት 13 ቀን 1989 የካናዳዋ ኩቤክ የኃይል መረብ በ90 ሰከንድ ገደማ ወደቀ፤ 6 ሚሊዮን ሕዝብ ለ9 ሰዓት ያህል ጨለማ ውስጥ ቆየ። በየካቲት 2022 አንድ መካከለኛ ማዕበል የላይኛውን አየር አሙቆ ስላሳበጠው፣ አዲስ ከመጠቁት 49 የስታርሊንክ ሳተላይቶች 38ቱ ወደ ምድር ወርደው ተቃጠሉ። ግንቦት 10 ቀን 2024 ደግሞ እዚሁ ደቡብ ካሊፎርኒያ ውስጥ የዋልታ ብርሃን በካሜራ ታየ፤ በዚያው ሰሞን በመካከለኛው ምዕራብ አሜሪካ በጂፒኤስ የሚዘሩ ትራክተሮች መስመራቸውን ስተው ቆሙ።

ከዚህ ተነሥተው ብዙዎች «ይህ የሰሜኖቹ ጣጣ ነው» ይላሉ። ስሕተቱ እዚህ ላይ ነው፤ እኔም ረዘም አድርጌ ማስረዳት የምፈልገው ይኼን ነው።

በነፃ የተንጠለጠለ የኮምፓስ መርፌ ሰሜን ዋልታ አካባቢ አፍንጫውን ወደ መሬት ይደፋል። አዲስ አበባ አካባቢ ግን አግድም ይጋደማል፤ የምድር ማግኔታዊ ወገብ በዚያ በኩል ያልፋልና። መርፌው የሚጋደምበት ሰማይ የራሱ ጠባይ አለው። ቀን ቀን፣ ከ100 ኪሎ ሜትር ትንሽ ከፍ ብሎ፣ ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ጠባብ የኤሌክትሪክ ወንዝ ይፈስሳል። በዓለም አቀፉ የጂኦፊዚክስ ዓመት፣ በ1957 እና በ1958፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ የጂኦፊዚክስ ኦብዘርቫቶሪ ሲቋቋም ቦታው የተፈለገው ለዚሁ ነበር፤ ሥራውን ያቀኑትም ካናዳዊው ኢየሱሳዊ አባ ፒየር ጉዋን ናቸው።

ያንን ወንዝ ከመሬት ሆኖ መለካት ጥበብ ይጠይቃል። የአዲስ አበባ ማግኔታዊ መስክ 36,000 ናኖቴስላ ገደማ ሲሆን ወንዙ የሚጨምረው ከመቶ ያልራቀ ነው። ገበያ ላይ የምትወራጭ በግ እንዴት ትመዘናለች? ታቅፈሃት ሚዛን ላይ ትወጣለህ፤ ከዚያ ብቻህን ትወጣለህ፤ ልዩነቱ የበጓ ነው። እንዲሁ አንድ ማግኔቶሜትር ከወንዙ ሥር አዲስ አበባ ላይ፣ ሌላው ከወንዙ ራቅ ብሎ አዲግራት ላይ ይቆማል፤ ሁለተኛው ከመጀመሪያው ሲቀነስ የወንዙ ጉልበት ይወጣል። አምበር የተባለውን የአፍሪካ ማግኔቶሜትሮች መረብ ከፕሮፌሰር ማርክ ሞልድዊን ጋር የዘረጋው ኢትዮጵያዊው ሳይንቲስት ዶክተር እንዳወቀ ይዘንጋው ነው፤ ሥራውም የተጠነሰሰው እዚሁ ሎስ አንጀለስ፣ ዩሲኤልኤ ውስጥ ነው። ፌርፋክስ ላይ ይህን የሚያወሳ ሰው ባገኝ ደስ ባለኝ።

ወንዙን የሚነዳው የኤሌክትሪክ መስክ ሌላም ሥራ አለው፤ ፕላዝማውን ወደ ላይ ያነሣዋል። ጀበና ሲፈላ ቡናው በአንገቱ ወጥቶ በጎንና በጎን እንደሚወርድ፣ ፕላዝማውም ከወገቡ ላይ ተነሥቶ በማግኔታዊው መስመር ወደ ሰሜንና ወደ ደቡብ ይንሸራተታል። ፀሐይ ስትጠልቅ ደግሞ የፕላዝማው የታችኛው ንብርብር ቶሎ ይሳሳል፤ የላይኛው እንደወፈረ ይቀራል። ከባዱ ከላይ፣ ቀላሉ ከታች ሆነ ማለት ነው።

ምጣድ ላይ የፈሰሰ ሊጥ አይታችኋል። ከሥር ያለው አረፋ ከባዱን ሊጥ እየበሳ ይወጣል፤ እንጀራው ዓይን ያወጣል። የኢትዮጵያም ሰማይ ከምሽቱ 1 ሰዓት ወዲያ እንዲሁ ዓይን ያወጣል፤ እያንዳንዱ ዓይን ግን በአሥሮችና በመቶዎች ኪሎ ሜትር የሚለካ ነው። የጂፒኤስ ምልክት በዚህ መሐል ሲያልፍ ከምጣድ ላይ በሚነሣ ሙቀት ውስጥ እንደሚታይ ነገር ይርገበገባል፤ ተቀባዩም ሳተላይቱን ይስታል። መሬት የሚለካውም፣ አውሮፕላን የሚያሳርፈውም ይቸገራል። ለዚህ ደግሞ ማዕበል አያስፈልግም። ፀሐይ ንቁ በሆነችባቸው ዓመታት፣ በተለይ ቀንና ሌሊት እኩል በሚሆኑባቸው መጋቢትና መስከረም አካባቢ፣ ያለ አንዳች ማዕበል ይከሰታል።

ማዕበል ሲጨመርበትስ? እዚህ ላይ በልክ ልናገር። ማዕበሉ የሚያመጣው የኤሌክትሪክ መስክ ወዲያው ወገቡ ድረስ ዘልቆ ፕላዝማውን አብዝቶ ሊያነሣና ዓይኑን ሊያበዛ ይችላል። ከሰዓታት በኋላ ግን ዋልታው ላይ የሞቀው አየር የሚያስነሣው ነፋስ መስኩን ገልብጦ ዓይኑን ሊያጠፋው ይችላል። ስለዚህ አንዱ ማዕበል ያባብሳል፣ ሌላው ያረጋጋል፤ የሚወስነው የደረሰበት ሰዓት ነው። ዛሬ ማታ ዓይን ያወጣል ወይስ አያወጣም የሚለውን በጠዋት በእርግጠኝነት መናገር የዘርፉ ያልተፈታ ጥያቄ ነው። የአፍሪካ ሰማይ ከሌላው የወገብ ክፍል ለምን እንደሚለይም ክርክሩ አላለቀም፤ ከመሬት የሚለኩ መሣሪያዎች ለረጅም ጊዜ ጥቂት ስለነበሩ የታየው ልዩነት ምን ያህሉ የሰማዩ፣ ምን ያህሉ የመለኪያው እንደሆነ መለየት ይከብዳል።

የመብራት መስመሮቹም ነገር እንዲሁ ነው። ከወላይታ ሶዶ ኬንያ የሚዘልቀው ባለ 500 ኪሎ ቮልት መስመር 1,045 ኪሎ ሜትር ይረዝማል። ማዕበል መሬት ውስጥ የሚያስነሣው ኤሌክትሪክ በዋልታዎቹ አካባቢ ይበረታል፤ ሆኖም የወገቡ የኤሌክትሪክ ወንዝ የማዕበሉን ምት ከሥሩ ላሉ አገሮች ሊያጎላው እንደሚችል ያሳዩ ጥናቶች አሉ። ኩቤክ ይደገማል አልልም፤ ሳይለኩ «አይነካንም» ማለትንም አልቀበልም። ኢንተርኔት ለወራት ይጠፋል የሚለው ወሬም በ2021 ከወጣ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ኢርቫይን ጥናት ብዙ ተመዝዟል። የተመራማሪዋ የሳንጊታ አብዱ ጆቲ ጽሑፍ ረጃጅም የባሕር ሥር ገመዶች፣ ይበልጡን በሰሜን ያሉት፣ ሊፈተኑ ይችላሉ አለ እንጂ ቀን አልቆረጠም።

«ታዲያ ምኑን እናጥፋው?» አሉኝ እናታችን።

«ምንም፤ እማማ። አሁን ራሱ ይደውሉላቸው።»

ስልኩን ሲያበሩት ያልተነሡት ጥሪዎች ተከታትለው ተንጫጩ። እዚህ ከጠዋቱ 4 ሰዓት ነበር፤ ደብረ ማርቆስ ከምሽቱ 2 ሰዓት፣ ከከተማው በላይ ያለው ሰማይ ዓይን የሚያወጣበት ሰዓት። የእህታቸው ድምፅ ግን በገመዱ በኩል ጥርት ብሎ መጣ፤ «ደህና ነሽ?» ሲሉ ሱቁ ውስጥ ያለነው ሁላችን ሰማን።