ባሕርን የማያይ ወንዝ

በተረት ዓለም የሚፈስሱ ወንዞች ለሕግ አይገዙም። አንዱ ሽቅብ ይወጣል፤ ሌላው ድንጋይ ያበቅላል፤ ሦስተኛው ደግሞ ባሕር ለመድረስ ጥቂት ሲቀረው ደብዛው ይጠፋል። በዚህ ጽሑፍ ለአንባቢያን የምናቀርበው ሦስቱንም ጠባዮች በአንድነት የያዘ፣ ነገር ግን ስሙ በካርታ ላይ የተጻፈ ወንዝ ነው። የደሴና የኮምቦልቻ ነዋሪ በየዕለቱ በድልድይ ይሻገረዋል፤ ስሙም ቦርከና ይባላል።

ሁለት ጠብታዎች

ከደሴ በስተ ሰሜን ምዕራብ፣ ኩታበር አካባቢ፣ ሁለት የዝናብ ጠብታዎች ጎን ለጎን ወረዱ እንበል። በተረተሩ ምዕራብ ያረፈችው ወደ በሽሎ ትወርዳለች፤ በሽሎ ለዐባይ ይገብራል፤ ዐባይም ሱዳንንና ግብጽን አቋርጦ ወደ ሜዲትራኒያን ባሕር ያመራል። በምሥራቁ ያረፈችው ግን ከቦርከና ትቀላቀላለች። ደሴን አቋርጣ፣ በዶሮ መዝለያ ገደል ተወርውራ ኮምቦልቻ ትደርሳለች፤ ከዚያም በጨፋ ረግረግ አልፋ ከአዋሽ ጋር ትገናኛለች።

አዋሽ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ፣ ጊንጪ አካባቢ ከሚገኘው ደጋ ተነሥቶ 1,200 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። መዳረሻው ግን ባሕር አይደለም። ከታጁራ ባሕረ ሰላጤ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ሲቀረው፣ በኢትዮጵያና በጅቡቲ ድንበር ላይ በሚገኘው በአቤ ሐይቅ ጉዞው ያበቃል። አዲስ አበባ የተወለደው እንግሊዛዊ ተጓዥ ዊልፍሬድ ቴሲጀር የዚህን ወንዝ መጨረሻ ለማየት እ.ኤ.አ. በ1933 እና በ1934 አፋርን አቋርጦ እስከ ሐይቁ ድረስ ተከትሎታል። ዐባይ ማደሪያ እንደሌለው እየሰማን ያደግን ሁሉ፣ አዋሽ ማደሪያ እንዳለው ልብ ልንል ይገባል።

የመሰወሩ ምሥጢር

አቤ መውጫ የለውም። ወንዙ ያለማቋረጥ የሚገባበት ከሆነ ታዲያ ሐይቁ ስለምን ሞልቶ አይፈስስም? መልሱ ትነት ነው። በታችኛው አዋሽ በዓመት የሚዘንበው ዝናብ 200 ሚሊ ሜትር ገደማ ሲሆን፣ ከተንጣለለ ውኃ ላይ ሊተን የሚችለው ግን ከ2,000 ሚሊ ሜትር ይበልጣል። ሐይቁ በሰፋ ቁጥር ለፀሐይ የሚጋለጠው ገጽታ ስለሚጨምር የሚተነውም ይበዛል፤ የሚተነው ከሚገባው ጋር እኩል ሲሆን መስፋቱ ይቆማል። የሚገባው ውኃ ሲቀንስ ደግሞ፣ ሚዛኑ እስኪመለስ ድረስ ሐይቁ ይጠባል። ከሃያኛው ምዕተ ዓመት አጋማሽ ወዲህ የአዋሽ ውኃ ለመስኖ እየተጠለፈ በመሄዱ አቤ በእጅጉ መሸሹ የዚህ ሚዛን ውጤት ነው።

ሽቅብ ለመውጣት የሚከፈል ዋጋ

ደሴ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ፣ ኮምቦልቻ ደግሞ 1,850 ሜትር ገደማ ላይ ይገኛሉ። አንድ ኪሎ ግራም ውኃ ይህን 650 ሜትር ቁልቁል ሲወርድ 6,400 ጁል ያህል የአቀማመጥ ጉልበት ያጣል። ጉልበቱ ሁሉ ወደ ሙቀት ቢለወጥና እዚያው ውኃው ውስጥ ቢቀር፣ ውኃውን በ1.5 ዲግሪ ሴልሺየስ ብቻ ያሞቀዋል። በዶሮ መዝለያ የምንሰማው ያ ሁሉ ጩኸት በቴርሞ ሜትር ሲለካ ይህን ያህል ትንሽ ነው።

በአንጻሩ ያንኑ አንድ ኪሎ ግራም ውኃ በሐይቁ ላይ ለማትነን 2.4 ሚሊዮን ጁል ያህል ያስፈልጋል። ይህም ውኃውን ከባሕር ወለል አንሥቶ ደሴ ከፍታ ላይ ለማድረስ ከሚጠይቀው ጉልበት መቶ እጥፍ ገደማ ነው። ከፋዩም ፀሐይ ናት። ወንዙን ሽቅብ ወደ ሰማይ የሚያወጣው አስማት እንግዲህ ይኸው ነው፤ ምንም እንኳ ዕለት በዕለት በዓይናችን ባናየውም።

የማይተነው ነገር

ፀሐይ ግን መራጭ ናት። ወደ ሰማይ የምታነሣው ውኃውን ብቻ ሲሆን፣ በውስጡ የሟሟውን ጨው ትተወዋለች። ከመቶ ሊትር ዘጠና ዘጠኙ ቢተን፣ የመቶው ሊትር ጨው በአንዲቷ ሊትር ውስጥ ይከማቻል። የአቤ ውኃ ጨዋማ የሆነው ስለዚህ ነው። በዳርቻው እንደ ጭስ ማውጫ የቆሙትና በአሥራት ሜትር የሚለኩት የኖራ ድንጋይ ማማዎችም፣ ፍል ውኃ አሟሙቶ ያመጣው ማዕድን ከሐይቁ ውኃ ጋር ሲገናኝ የተከማቹ ናቸው።

ወደ ባሕር የሚፈስስ ወንዝ የተሸከመውን ከሞላ ጎደል አስረክቦ ይሄዳል። ቦርከና ግን የሚያስረክብበት ባሕር የለውም። የጨርቃ ጨርቅ፣ የቆዳና የቢራ ፋብሪካዎች በቆሙባትና የኢንዱስትሪ ፓርኳ በ2009 ዓ.ም. በተመረቀባት በኮምቦልቻ፣ ወደ ቦርከና ከሚገቡ ጅረቶች ናሙና የወሰዱ ተመራማሪዎች ክሮሚየምን የመሰሉ ከባድ ብረታ ብረቶች አግኝተዋል። ክሮሚየም አይተንም፤ እንደ ሬሳም በስብሶ ወደ ሌላ ነገር አይለወጥም። አንዱ ክፍል ከደለሉ ጋር ይቀመጣል፤ ሌላው በመስኖ ወደ ማሳ ይገባል፤ የቀረውም ከብት ወደሚሰማራበት ወደ ጨፋ ሣር ይወርዳል። ደሴ በክረምት ጎርፍ የምትለቀው ቆሻሻም በዚያው መንገድ ይጓዛል። ስለዚህ «ወንዝ ይወስደዋል» የሚለው የተለመደ አነጋገር ለቦርከና አይሠራም፤ ወስዶ የሚያደርሰው ከራሳችው ወገኖች ደጃፍ ነውና።

ለተማሪዎች

ይህን በማመን ብቻ መቀበል አይገባም፤ መለካት ይቻላል። ከደሴ በላይ፣ በደሴና በኮምቦልቻ መካከል፣ ከኮምቦልቻም በታች፣ ከሦስት ቦታ አንዳንድ ሊትር ውኃ በንጹሕ ዕቃ ይቀዳ፤ ሲቀዳም ጓንት መልበስ ያስፈልጋል። ውኃው ከተጣራ በኋላ በዝግታ ይተን፤ በሳሕኑ ላይ የቀረው ዝቃጭ በቤተ ሙከራ ሚዛን ይመዘን። ሙከራው በበጋና በክረምት ቢደገም ልዩነቱ ይበልጥ ይገለጣል። ሚዛኑ የትኛው ብረት እንደሆነ አይነግረንም፤ ለዚያ የኬሚስትሪ ባልደረቦቻችን መሣሪያ ያሻል። ነገር ግን ወንዙ በከተሞቻችን መካከል ሲያልፍ ምን ያህል ሸክም እንደ ጨመረ በግራም ይናገራል። የተመዘገበው ቁጥር ከዓመት ዓመት ተጠብቆ ቢቆይ፣ ስለ ቦርከና ለሚወስን ማንኛውም አካል በማስረጃነት ሊቀርብ ይችላል።