ሙዚቃን ለዓይን የማሳየት ጥበብ

ሙዚቃ የጆሮ ምግብ መሆኑ የታወቀ ነው። ይሁን እንጂ ቴሌቪዥን በየቤቱ ከገባ ወዲህ ልጆች ሙዚቃን በዓይናቸውም ጭምር ይሰማሉ። ስለዚህ ለዓይናቸው የሚቀርበውን ማን እንደሚመርጥላቸው፣ እንዴትም እንደሚመርጥላቸው ማወቅ ለወላጆች የተገባ ነገር ነው።

የኦርኬስትራ ሙዚቃ በቴሌቪዥን በሚተላለፍበት ጊዜ መሪዎቹ ሁለት ናቸው። አንደኛው በመድረክ ቆሞ በበትር የሚመራው ነው። ሁለተኛው የማይታየው የምስሉ ዳይሬክተር ነው። እርሱ በተለየ ክፍል ተቀምጦ ካሜራዎቹ የሚልኩለትን ሥዕሎች ሁሉ በአንድነት እየተመለከተ፣ ሕዝብ የሚያየውን አንዱን ይመርጣል።

ለዚህ ሥራ መልካም ምሳሌ የሚሆነን በኒው ዮርክ የተደረገው ነው። በአውሮፓውያን አቆጣጠር በጃንዋሪ 18 ቀን 1958 ዓ.ም. ሌናርድ በርንስታይን የኒው ዮርክ ፊልሃርሞኒክን እየመራ በካርኔጊ አዳራሽ ለተሰበሰቡት ልጆች ሙዚቃን አስረዳ፤ ሲ.ቢ.ኤስ. የተባለው ጣቢያም በቀጥታ አስተላለፈው። ይህ ትምህርት እስከ 1972 ዓ.ም. ድረስ 53 ጊዜ ሲሰጥ፣ የምስሉ ዳይሬክተር ሮጀር ኢንግላንደር ነበረ።

እንዲህ ያለው ዳይሬክተር ከሁሉ አስቀድሞ ኖታ ማንበብ ይገባዋል። ዋሽንቱ የት እንደሚገባ፣ ከበሮው መቼ እንደሚመታ በኖታው ላይ ምልክት ያደርጋል። ነፊው ትንፋሹን ሳይስብ ካሜራው ከፊቱ መድረስ አለበት። ከዘገየ ግን የልጁ ጆሮ መለከት ሲሰማ ዓይኑ ያረፈውን ቫዮሊን ያያል፤ ድምፁ ከየት እንደ መጣም ሳያውቅ ይቀራል። በቀጥታ የተላለፈ ምስል ደግሞ ከአፍ እንደ ወጣ ቃል ነው፤ አይመለስም።

ሁለተኛው ጥንቃቄ ምስሉን ያለ ምክንያት አለመለዋወጥ ነው። ዜማው ሳይፈጸም ወደ ሌላ ሥዕል መዝለል፣ ሰው ነገሩን ሳይጨርስ ቃሉን እንደ መንጠቅ ይቈጠራል። ሥዕሉ ቶሎ ቶሎ ሲለዋወጥ ልጁ ይደነቅ ይሆናል፤ ነገር ግን የሚከተለው ሩጫውን እንጂ ሙዚቃውን አይደለም። መቶ ያህል ሰዎች በአንድነት ሲጫወቱ ወዴት መመልከት እንዳለበት የማያውቀውን ሕፃን፣ ዳይሬክተሩ እጁን ይዞ እንደሚመራ አባት ሊሆንለት ይገባል።

እንግዲህ ወላጆች ሆይ፣ እንዲህ ያለ ዝግጅት በሚታይበት ጊዜ ከልጆቻችሁ ጋር ተቀመጡ። ጥቂት ከተመለከቱ በኋላ ዓይናቸውን ጨፍነው የሚሰሙትን መሣሪያ በስሙ እንዲጠሩ ጠይቋቸው። ለይተው ከጠሩት፣ ያ የማይታየው መሪ ሥራውን በሚገባ ፈጽሟል፤ ዓይናቸውን ለጆሮአቸው መምህር አድርጎላቸዋልና።