ዕዝና ቁጥጥር

ዕዝና ቁጥጥር ወታደርም ሆነ የእሳት አደጋ ሠራተኛ በርካታ ሆኖ እንደ አንድ ሰው እንዲንቀሳቀስ የሚያደርግ አሠራር ነው። ዕዝ ከላይ ወደ ታች ይወርዳል፤ ወሳኙ ማን እንደሆነና ማን ለማን እንደሚታዘዝ ይለያል። ቁጥጥር ከታች ወደ ላይ ይመለሳል፤ ትእዛዙ ምን ላይ እንደደረሰ ለአዛዡ ያሳውቃል።

ዕዝ ብዙ ማብራሪያ አይሻም። ቁጥጥርን ግን ስሙ በድሎታል። ቃሉ ሲነሳ ብዙ ሰው ከኋላ ቆሞ ስህተት የሚለቅም አለቃ ይታየዋል። ይሁንና ቃሉ «ቆጠረ» ከሚለው ግሥ የወጣ ነው፤ ሥራውም ቆጠራ ነው። ስንት ሰው ገባ? አሁን የት ነው? ስንቱ ወጣ?

የጥንቱ የኢትዮጵያ ጦር ይህን በማዕረግ ስሞቹ ይዞታል። ፊታውራሪ ከፊት፣ ቀኝ አዝማች በቀኝ፣ ግራ አዝማች በግራ የሚሰለፉ ናቸው፤ ማዕረጉን የሰማ ስፍራውንም ያውቃል። በአድዋ ጦርነት ከተቃራኒው ወገን፣ ከኢጣሊያ ጦር የጎደለውም ይኸው ነበር። አዛዡ ጄኔራል ባራቲየሪ የካቲት 22 ቀን 1888 ዓ.ም. ማታ ብርጌዶቹን በየመንገዱ አሰማራ፤ ትእዛዙ ለሁሉም ደርሷል። ካርታው ግን የኪዳነ ምሕረትን ኮረብታ ያለ ስፍራው አስቀምጦ ነበርና የአልበርቶኔ ብርጌድ ከሌሎቹ ርቆ ወደፊት ገባ። ሲነጋ ብቻውን ከኢትዮጵያ ጦር ጋር ተፋጠጠ። ዕዝ ነበረ፤ ቆጠራው ግን ጠፍቶ ነበር።

በእሳት አደጋም ቆጠራው ያው ነው፤ በቶሮንቶ የሴንት ጄምስ ታውን ሰፈር ግን በፎቅ ይለካል። ሰፈሩ በአብዛኛው በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. የተሠሩ 19 ረጃጅም ሕንፃዎች የታጨቁበት ነው። መስከረም 14 ቀን 2003 ዓ.ም. (ሴፕቴምበር 24, 2010) በ200 ዌልስሊ ምሥራቅ 24ኛ ፎቅ ላይ እሳት ተነሳ፤ ከ1,200 በላይ ነዋሪዎችም ከቤታቸው ወጡ። አደጋው «ባለ ስድስት ማንቂያ» ተባለ። ይህን የሰማ ስድስት ደወል የተደወለ ወይም እሳቱ በዲግሪ የተለካ ይመስለዋል። እንደዚያ አይደለም። ቁጥሩ አዛዡ ስንት ዙር ተጨማሪ ኃይል እንደጠራ ይነግራል፤ የሚቆጠረው ነበልባሉ ሳይሆን ረዳቱ ነው።

ረዳት በበዛ ቁጥር አዛዡ ሁሉንም በቀጥታ መምራት አይችልም። ለአንድ መሪ ከሦስት እስከ ሰባት፣ በተለይም አምስት ተጠሪ ይበቃዋል፤ ከዚያ ሲያልፍ ሥራው ለዘርፍ መሪዎች ይከፈላል። በከፍተኛ ሕንፃ ላይ አዛዡ ብዙ ጊዜ ከታች፣ መግቢያው አካባቢ ይቀመጣል። ተተኪዎችና የአየር ሲሊንደሮች ከሚቃጠለው ፎቅ በታች፣ ጭስ በማይደርስበት ፎቅ ይሰበሰባሉ። ወደ ላይ የሚወጣ ቡድን ስሙ ይመዘገባል፤ ሲመለስም ይታያል። ወደ እሳት የሮጠ ሁሉ ጀግና ነው የሚሉ ሰዎች የማይወዱት ደንብ ነው፤ ያልተመዘገበ ሰው ግን ሲታፈን ማንም አይፈልገውም።

ነዋሪውም ከቆጠራው ውጭ አይደለም። የተዘጋ የእሳት በርን በድንጋይ ደግፎ መክፈት ጭሱ መንገድ እንዲያገኝ ያደርጋል፤ ወጥቶ ለማንም ሳይናገር ዘመድ ቤት መሄድም አዳኞችን ባዶ ቤት ያስፈትሻል።

ዕዙ በአደጋው ደረጃ ይተላለፋል። ነሐሴ 15 ቀን 2010 ዓ.ም. በዚያው ሰፈር በ650 ፓርላመንት መንገድ የተነሳው የኤሌክትሪክ እሳት ከ1,500 ያህል ነዋሪዎች ቤታቸውን ነጠቀ። እሳቱ ጠፋ፤ ብዙዎቹ ግን ከአንድ ዓመት በላይ አልተመለሱም። ቆጠራው ያኔ ከእሳት አዛዡ እጅ ወጥቶ፣ ማን የት እንዳደረ ለሚያውቁት የመጠለያ ሠራተኞች ደረሰ።