ተረትና እውነታ፦ ሙጊል ነጭ ዓሣ አይደለም

ጾም ነው፤ ምሳ ሰዓት። ፒያሳ ያሉ ዓሣ ቤቶች በዚህ ሰዓት ወንበር አይገኝባቸውም፤ ስለዚህ ከማላውቃቸው ሁለት ሰዎች ጋር አንድ ጠረጴዛ ተጋራሁ። አንደኛው የሆቴል ሙያ የሚማር ወጣት ነው፤ ደብተሩን ዘርግቶ የውጭ አገር የምግብ ስሞችን ወደ አማርኛ ይመልሳል። ሌላው ዕድሜያቸው ስድሳን የተሻገረ ሰው ናቸው፤ ሙሉ ጥብስ ዓሣ ከዳጣ ጋር ቀርቦላቸዋል።

«ጋሼ፣ ይቅርታ፤ ሙሌት የሚባለው ዓሣ በአማርኛ ምን ይባላል?»

«ነጭ ዓሣ ነዋ።»

«ሳይንሳዊ ስሙስ?»

«እሱማ ራሱ ሙሌት ነው የኔ ልጅ። ነጭ ዓሣ የእኛ፣ ሙሌት የሳይንሱ።»

ወጣቱ ጻፈ። ሰውየው የመለሱት በቅንነት ነው፤ ሌላ ሰው ቢጠየቅም ከዚህ ብዙ የራቀ መልስ የሚሰጥ አይመስለኝም። ግን በዚያች አጭር መልስ ውስጥ ስለ ዓሣ ስም በከተማችን የሚነገሩት ስህተቶች አብዛኞቹ ታጭቀዋል። ያን ቀን ዝም ብዬ መብላቴ ይቆጨኛል። መናገር የነበረብኝን እዚህ ልጻፈው።

«ሙሌት ሳይንሳዊ ስም ነው»

አይደለም። ሙሌት እንግሊዝኛ ነው፤ የዓሣ አጥማጅና የገበያ ቃል። አማርኛ አንባቢ ቃሉን ሲያይ ትዝ የሚለው የግድብ ሙሌት ነው፤ ያ ግን የድምፅ መገጣጠም ብቻ ነው። ሳይንሳዊ ስሙ ሁለት ቃል ነው፦ ሙጊል ኬፋሉስ። ስሙን በሥርዓት የመዘገበው ስዊድናዊው ካርል ሊኔየስ ሲሆን፣ ዘመኑ እ.ኤ.አ. 1758 ነው። የእንስሳት ሳይንሳዊ ስም መቁጠሪያ የሚጀምረው በዚያው ዓመት ከታተመው መጽሐፉ አሥረኛ እትም ነው።

ስምን መልአክ ያወጣዋል እንላለን። በእንስሳት ሳይንስ ስም የሚያወጣው ሰው ነው፤ የሚያወጣውም በዓለም አቀፍ ደንብ ነው። አንድን ዝርያ ሁለት ሰዎች በየፊናቸው ሁለት ስም ቢያወጡለት፣ በመርሕ ደረጃ የሚጸናው ቀድሞ የታተመው ነው።

ሊኔየስ ቃሉን ከራሱ አልፈጠረም። ሙጊል የጥንት ሮማውያን ይህንኑ ዓሣ የሚጠሩበት የላቲን ቃል ነው። ኬፋሉስ ደግሞ ከግሪክ ኬፋሎስ የመጣ ነው፤ ሥሩ ራስ ወይም ጭንቅላት ማለት ሲሆን፣ ግሪኮች ዓሣውን የጠሩት በዚሁ ነው። ጭንቅላቱ ሰፊ፣ ከላይ ጠፍጠፍ ያለ ነውና ስሙ ይገባዋል። ጣሊያኖች ዛሬም ቼፋሎ ይሉታል። ስለዚህ ስሟን ከጣሊያንኛው «አደባባይ» ባገኘችው ፒያሳ፣ ከጣሊያኖች ጋር የኖረ አንድ አዛውንት ቼፋሎ ሲል የሳይንሳዊውን ስም ግማሽ እየጠራ ነው። ከካይሮ ወይም ከቤይሩት የተመለሰች እህታችን ያንኑ ዓሣ ቡሪ ብላ ታውቀዋለች። ግብጾች በጨው አሽተው ፈሲኽ የሚሉትን የበዓል ምግብ የሚሠሩት ከእሱ ነው።

ስለዚህ ዓሣ የተነገረ ጥንታዊ ተረትም አለ። በመጀመሪያው መቶ ክፍለ ዘመን የኖረው ሮማዊው ፕሊኒ፣ ሙጊል ሲፈራ ጭንቅላቱን ብቻ ደብቆ መላ አካሉ የተሰወረ ይመስለዋል ብሎ ጽፏል። እውነቱ ቀላል ነው፦ ሙጊል አፉን ወደ ጭቃው የሚያስጠጋው ለመብላት ነው። ከውሃው ወለል አልጌና የበሰበሰ የዕፅዋት ብናኝ እየዛቀ ያጣራል፤ የሆዱ ግድግዳም እንደ ዶሮ መቋር ወፍራም ነው፣ ከአሸዋ ጋር የገባውን ይፈጭበታል።

«ቀይ ሙሌትና ግራጫ ሙሌት የአንድ ዓሣ ሁለት መልክ ናቸው»

ተርጓሚዎች ብዙ ጊዜ የሚወድቁት እዚህ ነው። እንግሊዝኛ ሁለቱንም ሙሌት ስለሚል ቀይ በግና ጥቁር በግ እንደማለት ይመስላል። ነገር ግን ሁለቱ የተለያዩ ቤተሰቦች ናቸው። ግራጫው የሙጊል ወገን ነው፤ ቤተሰቡ ሙጊሊዴ ይባላል፣ ከ70 በላይ ዝርያዎችም አሉት። ቀዩ የሙሉስ ወገን ነው፤ ቤተሰቡ ሙሊዴ ነው። ሙሌት የሚለው የእንግሊዝኛ ቃል እንኳ የመጣው ከሙሉስ እንጂ ከሙጊል አይደለም።

በዓይን መለየት አይከብድም። ቀዩ ከአገጩ ሥር እንደ ፍየል ጢም የተንጠለጠሉ ሁለት ጢሞች አሉት፤ በእነሱ አሸዋውን እየዳሰሰ ትናንሽ እንስሳት ያድናል። ግራጫው ጢም የለውም። ጣሊያኖች እዚህ ላይ ከእንግሊዞች ይሻላሉ፦ አንዱን ቼፋሎ፣ ሌላውን ትሪሊያ ብለው ይለያሉ። ከጣሊያንኛ የምግብ ዝርዝር የሚተረጉም ሰው የመሳሳት ዕድሉ ከእንግሊዝኛ ከሚተረጉም ያንሳል ማለት ነው።

«ነጭ ዓሣ የታወቀ አንድ ዓሣ ነው»

ከሁሉም በላይ የሚያሳስበኝ ይሄ ነው። ወጣቱ ሙሌትን ነጭ ዓሣ ብሎ ሲጽፍ፣ የማናውቀውን ዓሣ በምናውቀው የተረጎመ ይመስላል። ግን ነጭ ዓሣስ የትኛው ነው?

አርባ ምንጭ ላይ፣ ከጫሞና ከአባያ ሐይቅ የሚወጣውና አዲስ አበባ በፊሌቶ የሚሸጠው ነጭ ዓሣ፣ ሳይንሳዊ ስሙ ላቴስ ኒሎቲኩስ ነው። ግዙፍ አዳኝ ዓሣ ነው፤ ከመቶ ኪሎ በላይ ሊመዝን ይችላል። ባሕር ዳርና ጎርጎራ ላይ ነጭ ዓሣ ሲባል ደግሞ ላቤኦባርቡስ የሚባለው ወገን ነው፤ ከካርፕ ጋር የሚዛመድ ሌላ ዘር። ላቴስ ጣና ውስጥ ጨርሶ የለም፤ የጢስ ዓባይ ፏፏቴ ከታች የሚመጣውን ዓሣ ሁሉ ያግደዋልና። አንዱን ስም የተጋሩት ሁለቱ ዓሦች በዘር አይገናኙም።

ልዩነቱ እስከ ጓዳ ይዘልቃል። የጣናው ነጭ ዓሣ እንደ ካርፕ ዘመዶቹ ሁሉ በሥጋው ውስጥ የተሰገሰጉ ቀጫጭን እሾሆች አሉት፤ ለሕፃን የምታበላ እናት ልታውቀው ይገባል። የላቴስ ሥጋ ግን ወፍራምና ከእሾህ ለማጽዳት የሚቀል ነው። ዓሣው ሙሉ ሆኖ ሲቀርብ ዓይን ይዳኛል። ፊሌቶ፣ ጉላሽ ወይም ዱለት ሆኖ ሲመጣ ግን ራስ የለው፣ ቆዳ የለው፣ ክንፍ የለው፤ ለበላተኛው የቀረለት ስሙ ብቻ ነው። ስሙም ሁለት ዓሣ ከሆነ ምንም አልቀረለትም።

የጣናው ጉዳይ ደግሞ ከዚህም ይጠልቃል። እዚያ ነጭ ዓሣ የሚባለው አንድ ዝርያ አይደለም። ተመራማሪዎች በሐይቁ ውስጥ ወደ 15 የሚጠጉ ትላልቅ የላቤኦባርቡስ ዝርያዎችን ለይተዋል፤ አብዛኞቹ ከጣና በቀር የትም አይገኙም። አፉ ሰፊ የሆነ ዓሣ የሚበላ አለ፣ ከንፈሩ ወፍራም የሆነ አለ፣ ጀርባው ጎባጣ የሆነ አለ። በፊሊፒንስ ላናኦ ሐይቅ የነበረው ተመሳሳይ ስብስብ በሰው እጅ ከሞላ ጎደል ጠፍቷል፤ የእኛው ግን አለ። ያም ሆኖ እ.ኤ.አ. በ1991 እና በ2001 መካከል በጣና በንግድ መረብ የሚያዘው የላቤኦባርቡስ ምርት በሦስት አራተኛ ያህል አሽቆልቁሏል። አንዱ ትልቅ ምክንያት ዓሦቹ ለመራባት ወደ ወንዞች ሲወጡ በወንዞቹ አፍ ላይ መረብ ተዘርግቶ መያዛቸው ነው። ገበያው ሁሉንም ነጭ ዓሣ እያለ በአንድ ሚዛን ሲመዝን፣ ከ15ቱ አንዱ ቢጠፋ ማን ያውቃል? ሚዛኑ ላይ ኪሎው እንጂ ዝርያው አይጻፍም። ስም መለየት የምሁር ቅንጦት አይደለም የምለው ለዚህ ነው።

ሙጊል ግን ከሁለቱም ነጭ ዓሦች አይደለም፤ ከሐይቆቻችን በአንዱም አይገኝም። የባሕር ጠረፍ ዓሣ ነው። ጨው በቀነሰበት ውሃና በወንዝ አፍ መኖር ይችላል፤ እንቁላሉን የሚጥለው ግን ባሕር ውስጥ ነው። ግብጾች በኩሬ ሲያረቡት እንኳ ጫጩቶቹን በብዛት የሚሰበስቡት ከባሕር ጠረፍ ነው። በቀይ ባሕር አለ፤ ኤርትራ ነጻ እስከወጣችበት 1985 ዓ.ም. ድረስም ያ ጠረፍ በኢትዮጵያ ካርታ ውስጥ ነበር። ዛሬ ሙጊል አዲስ አበባ ላይ ቢቀርብ ከውጭ በበረዶ ተጭኖ የመጣ ነው።

«ሳይንሳዊ ስም የፈረንጅ ስም ነው፤ እኛን አይመለከትም»

ይመለከተናል፤ የራሳችን ቃላት ውስጡ አሉና። ጀርመናዊው ኤድዋርድ ሩፔል በ1830ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ ጎንደር ደርሶ የጣናን ዓሦች ሰብስቧል። ጣና ላይ በሶ ወይም በዞ የሚባለውን ዓሣ ሲመዘግብ፣ ስሙን ከአጥማጆቹ አፍ ወስዶ በሶን የሳይንሳዊ ስሙ ሁለተኛ ቃል አደረገው፤ ዛሬ ላቤኦባርቡስ ቤሶ ይባላል። ጋራ ደምቤኤንሲስ የምትባለው ትንሽ ዓሣ ደንቢያን ተሸክማለች። ላቤኦባርቡስ ጎርጎሬንሲስ ጎርጎራን ይዟል፣ ላቤኦባርቡስ ጻኔንሲስ ደግሞ ጣናን። እ.ኤ.አ. በ2007 በስሙ ደምበጫን የያዘው ጋራ ደምቤቻ ሲመዘገብ፣ ከስም አውጪዎቹ አንዱ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው አበበ ጌታሁን ነበር። ከፒያሳ ወደ አራት ኪሎ በእግር ቢኬድ፣ ሩቅ አይደለም፣ በዩኒቨርሲቲው የሳይንስ ግቢ የእንስሳት ቤተ መዘክር ይገኛል።

«የስሙ ግማሽ ይበቃል፤ ስሙም አይለወጥም»

አንባቢ እዚህ ላይ ትንሽ ይታገሰኝ፤ አጠቃቀሙ ያለው እዚህ ነው።

ሙጊል ብቻውን ወገኑን ሁሉ ይጠራል እንጂ አንድን ዓሣ አይለይም። ሙጊሊዴ ሲባል መላው ቤተሰብ ነው፤ በአማርኛ የሙጊል ቤተሰብ ብንለው ይገባል። ሁለተኛው ቃል ደግሞ ለብቻው ባዶ ነው። ኬፋሉስን በአውሮፓ ወንዞች የሚኖር ስኳሊዩስ ኬፋሉስ የሚባል ሌላ ዓሣም ይጠራበታል። ከእኛው ሳህን ምሳሌ ልስጥ፦ ቆሮሶ፣ ጣና ላይ ቀረሶ የሚባለው፣ ኦሬዮክሮሚስ ኒሎቲኩስ ነው፤ የአርባ ምንጩ ነጭ ዓሣ ላቴስ ኒሎቲኩስ ነው። ኒሎቲኩስ ማለት የዓባይ ማለት ነው፣ ለሁለቱም እኩል። አንዱን ቃል የጣለ ጸሐፊ ሁለት ዓሣ ያደባልቃል።

ስሙም ይለወጣል፤ ሲለወጥ ግን ዱካ ይተዋል። ቆሮሶን ሊኔየስ መጀመሪያ በሌላ ወገን ስም መዝግቦት ነበር። በኋላ ቲላፒያ ተባለ፣ ከዚያ ኦሬዮክሮሚስ። ወገኑ ስለተቀየረ የሊኔየስ ስምና 1758 ከኋላው በቅንፍ ይጻፋሉ። ከሙጊል ኬፋሉስ በኋላ ግን ሊኔየስ፣ 1758 ያለ ቅንፍ ነው የሚጻፈው፤ ዓሣው ሊኔየስ ካስቀመጠው ወገን አልተነቃነቀምና። አንዲት ቅንፍ ይህን ያህል ትናገራለች። በተቃራኒው፣ ፎርስኮል የተባለው የቀይ ባሕር ተመራማሪ ሙጊል ቻኖስ ብሎ የሰየመው ዓሣ ሙጊል ሆኖ አልተገኘም፤ ዛሬ ቻኖስ ቻኖስ ነው። በድሮ መጽሐፍ ሙጊል የተባለ ሁሉ ሙጊል አይደለም።

በላቲን ፊደል የመጀመሪያው ቃል በትልቅ ሆሄ፣ ሁለተኛው በትንሽ ሆሄ ይጀምራል፣ ሁለቱም በዘመመ ፊደል ይታተማሉ። የእኛ ፊደል ትልቅና ትንሽ ሆሄ የለውም። ስለዚህ በአማርኛ ስንጽፍ ሁለቱን ቃላት አለመነጣጠል፣ የሚቻል ከሆነም ማዝመም፣ አነባበቡንም አለመቀላቀል ነው መፍትሔው። አንዱ ሙጊል፣ ሌላው ሙጂል፣ አንዱ ኬፋሉስ፣ ሌላው ሴፋለስ ቢል ጥፋት የለበትም፤ በአንድ ጽሑፍ ውስጥ ግን አንዱን ይዞ መጨረስ ያስፈልጋል። እኔ ወደ ላቲኑ የቀረበውን መርጫለሁ።

ያን ወጣት ዛሬ ባገኘው እንዲህ በል እለዋለሁ፦ «ሙሌት፣ የባሕር ጠረፍ ዓሣ፣ ሙጊል ኬፋሉስ»። ነጭ ዓሣ የሚለውን ሰርዘው። የአማርኛ ስም የለውም ብለህ አትፈር፤ በአገራችን ሐይቅ ለሌለ ዓሣ የሐይቃችንን ዓሣ ስም ማዋስ ሁለቱንም መበደል ነው።

ዓሣ ቤት ለምትገቡ ደግሞ አንድ ልመና አለኝ። ነጭ ዓሣ አለ ስትባሉ፣ ከማዘዛችሁ በፊት «ከየትኛው ሐይቅ ነው?» ብላችሁ ጠይቁ።